ገንዳውን ማን ይቆፍር?

ባለፈው ዓመት አረፋን ለማክበር ገለምሶ ገብቼ ነበር። ከሰዓት በኋላ አጎቴ ቤት በርጫ ተቀመጥን። አጎቴ ዕድሜውን በሙሉ ጫት የሸጠ ሰው ነው፤ ወሬው ሁሉ በመትከልና በመቁረጥ ነው የሚለካው። ቴሌቪዥኑ አንድ የድሮ ውድድር እያሳየ ነበር፤ ኃይሌ ገብረሥላሴ በሲድኒ ኦሎምፒክ በ10,000 ሜትር ፖል ቴርጋትን መጨረሻው መስመር ላይ ሲቀድመው። እኔ ያኔ የሦስት ዓመት ልጅ ነበርኩ። አጎቴ ግን በቀጥታ አይቶታል። ማን እንደሚያሸንፍ እያወቀ እንኳ ከመደገፊያው ተነስቶ ቆመ። ሲቀመጥ ወደ እኔ ዞረ።

"ይሄ ሰውዬ እግሩን ዘርቶ ፎቅ አጨደ። አንተስ አቦ? ስንት ዓመት ሙሉ ጣትህን ስትዘራ ከረምክ። ገለምሶ ላይ ምን ተከልክ?"

ሁሉም ሳቀ፤ እኔም ሳቅሁ። መልስ ግን አልነበረኝም።

ሶፍትዌር ነው የምሠራው። የተመረቅኩት በኤሌክትሪካልና ኮምፒውተር ምህንድስና ነው፤ የምኖረው አዲስ አበባ በኪራይ ቤት፣ የምሠራው ደግሞ ለውጭ አገር ደንበኞች። ሥራዬን ከነመሣሪያው በአንድ የጀርባ ቦርሳ ይዤው እዞራለሁ። ነገ ናይሮቢ ብገባ ሥራዬ አብሮኝ ናይሮቢ ይገባል። እውነቱን ለመናገር በዚህ እኮራ ነበር። የትም ምንም ስላልተከልኩ ማንም ምንም ሊነቅልብኝ አይችልም።

የአጎቴ ጥያቄ ግን ሲገላበጥብኝ ከረመ። ከአንድ ቦታ ተነስቶ የተሳካለት ሰው ለተነሳበት ቦታ የሚከፍለው ነገር አለ ወይ? ካለስ ጠያቂው ማነው? በጉዳዩ ላይ ማሰብ ስጀምር መጀመሪያ ትዝ ያለኝ ኃይሌ አልነበረም። በአንድ ወቅት የሳቅሁበት ዋናተኛ ነው።

እ.ኤ.አ. በ2016 በሪዮ ኦሎምፒክ ሮቤል ኪሮስ ሀብቴ ኢትዮጵያን ወክሎ በ100 ሜትር ነፃ ቀዘፋ ተወዳደረ። 1 ደቂቃ ከ4.95 ሰከንድ ፈጀበት። ከ59 ዋናተኞች 59ኛ ሆነ። በዚያ ርቀት ወርቅ የወሰደው አውስትራሊያዊ ካይል ቻልመርስ የፈጀበት 47.58 ሰከንድ ነው። የሮቤል ሆድ ፎቶ ዓለምን ዞረ፤ ስሙንም ከዓሣ ነባሪ ጋር አያይዘው ተሳለቁበት። እኔም ፎቶውን ለጓደኞቼ ከላኩት መካከል ነኝ። ያኔ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነበርኩ፤ የሚያስቅ ነገር የላከ ሁሉ ጎበዝ ነበር።

ስለ አመራረጡ የተነሳው ጥያቄ ተገቢ ነበር። አባቱ የዋና ፌዴሬሽኑ ፕሬዚዳንት መሆናቸው ተዘግቧል፤ ሕዝብም "እንዴት ተመረጠ?" ማለት መብቱ ነው። እኔ የሳቅሁት ግን በአመራረጡ አልነበረም፤ በሰዓቱና በሆዱ ነው። እሱ ራሱ ለጋዜጠኞች የተናገረው ሁሉም በሚሮጥበት አገር ሌላ ነገር መሥራት ፈልጎ ዋናን እንደመረጠ ነው። ያኔ ይሄ ሰበብ መስሎኝ ነበር። አሁን ሳስበው ትልቅ ነገር ነው የተናገረው። "ለምን አዘገመ?" ብለን ስንጠይቅ "የት ይዋኝ ነበር?" የሚለውን ዘለልነው።

ሩጫ መሬት ላይ ነው። መሬቱ አለ። ኃይሌ ከአሰላ አካባቢ ከገበሬ ቤት ተነስቶ ትምህርት ቤት ለመድረስ 10 ኪሎ ሜትር ይሮጥ ነበር፤ ደብተሩን የያዘበት ክንዱ እስከ መጨረሻው ሲሮጥ ጠመም ይል ነበር ይባላል። አበበ ቢቂላ እ.ኤ.አ. በ1960 ሮም ላይ ያለ ጫማ ማራቶን አሸነፈ። እርግጥ አሠልጣኝ፣ ክለብና ብሔራዊ ቡድን ነበራቸው፤ ያለ ሰው እርዳታ ማንም አይደርስም። የመጀመሪያዋ እርምጃ ግን የማንንም ፈቃድ አትጠይቅም። ከፍታው አለ፣ አቀበቱ አለ፣ መንገዱ አለ።

ዋና እንደዚያ አይደለም። አንድ ሰው አስቀድሞ መቆፈር፣ ማንጠፍ፣ ውኃ መሙላትና ውኃውን ማጽዳት አለበት። ገለምሶ ልጅ ሆነን የምንዋኘው ክረምት ላይ ወንዝ ሲሞላ ነበር፤ እሱም እናታችን እስክታውቅ ድረስ ነው። ከእኛ መካከል የተፈጥሮ ዋናተኛ ይኑር አይኑር የሚታወቅበት መንገድ አልነበረም።

አጎቴ ያየው የሲድኒ ኦሎምፒክ ላይ የሆነ ሌላ ነገርም አለ። እዚያው እ.ኤ.አ. በ2000 የኢኳቶሪያል ጊኒው ኤሪክ ሙሳምባኒ በ100 ሜትር ነፃ ቀዘፋ ቀረበ። ምድቡ ውስጥ የነበሩት ሁለቱ ሰዎች ከምልክቱ በፊት በመዝለላቸው ከውድድር ወጡ፤ እሱ ብቻውን ዋኘ። መጨረሻ አካባቢ የሚሰምጥ ይመስል ነበር። 1 ደቂቃ ከ52.72 ሰከንድ። ከዚያ በፊት 50 ሜትር የሚረዝም ገንዳ አይቶ አያውቅም። መዋኘት ከጀመረ ገና ወራት ነበር፤ ይለማመድ የነበረውም አንድ ሆቴል ውስጥ ባለ ትንሽ ገንዳ ነው። እ.ኤ.አ. በ2012 የአገሩ ብሔራዊ ዋና ቡድን አሠልጣኝ ሆነ። በዚያው ኦሎምፒክ ኃይሌ 27 ደቂቃ ከ18.20 ሰከንድ ገብቶ ቴርጋትን በ0.09 ሰከንድ ቀደመ። ሁለቱም አፍሪካውያን ናቸው፤ ሁለቱም የቻሉትን ሁሉ አድርገዋል። አንዱ የተነሳበት መሬት ዝግጁ ነበር። የሌላው ገና አልተቆፈረም።

ችሎታ እንግዲህ ሁለት ዓይነት ይመስለኛል። አንደኛው ያገኘው መሬት ላይ ይሮጣል። ሁለተኛው ሰው የቆፈረው ገንዳ ይፈልጋል። ይህን ካየሁ በኋላ ራሴን ጠየቅሁ፤ እኔስ ሯጭ ነኝ ዋናተኛ?

ለረጅም ጊዜ ሯጭ የሆንኩ ይመስለኝ ነበር። ከገለምሶ ወጥቼ፣ ሌሊት እያነበብኩ፣ በራሴ ጥረት። ነገሩ ግን እንዲህ ነው። ስምንተኛ ክፍል ሳለሁ ዋናው መንገድ ላይ አንድ የኮምፒውተር ማሠልጠኛ ተከፈተ። ስድስት ኮምፒውተሮች ነበሩት፤ ሁለቱ ብዙውን ጊዜ ብልሽት ላይ ናቸው። ባለቤቱ ከድሬዳዋ የመጣ ሰው ነው፤ ሁላችንም "ቲቸር" ነበር የምንለው። በሰዓት 6 ብር ያስከፍላል። ብር ሲያልቅብኝ ቤቱን ጠርጌ፣ ኪቦርዱን አራግፌ፣ የደንበኛ ኮምፒውተር ላይ ዊንዶውስ ጭኜ ሰዓቴን አገኛለሁ። መብራት ሲጠፋ በሩ ላይ ቁጭ ብለን እንጠብቃለን። እኔ ኮድ የሚባል ነገር መኖሩን ያወቅሁት እዚያ ነው። ቲቸር ገንዳውን ቆፍሮ ነበር።

ቲቸር ግን ለጽድቅ አልነበረም የከፈተው፤ ለንግድ ነው። ደግሞ ከፍዬዋለሁ። በብር ወይም በመጥረጊያ፣ አንድም ሰዓት አልቀረብኝም። እንግዲህ ዕዳ የሚባለው ነገር እዚህ ጋ ይፈርስብኛል። ለቲቸር ዕዳ የለብኝም። ለመንግሥት ግብር እከፍላለሁ። ለወላጆቼ በየወሩ እልካለሁ። ቁጭ ብዬ ብደምረው ሒሳቡ ይዘጋል። ሆኖም አንድ ነገር አልዘጋ ይላል።

ያ ነገር ምን እንደሆነ የገባኝ ከአረፋው መልስ መናኸሪያ ላይ ነው። አውቶቡስ ልሳፈር ስል አጎቴ በላስቲክ የተጠቀለለ ነገር አቀበለኝ። "አዲሳባ ስትገባ አንድ ልጅ ይደውልልሃል፤ ለሱ ነው። አደራ።" ልጁን አላውቀውም። አጎቴ ለኔ ምንም አልሰጠኝም፤ እኔም ለልጁ ምንም አልተበደርኩም። ግን ጥቅሉን ከጭሮ እስከ አዳማ ጭኔ ላይ አድርጌ ነው የተጓዝኩት።

ዕዳ ለሰጠህ ሰው ይመለሳል። አደራ ለተላከለት ሰው ይደርሳል። ዕዳ ወደ ኋላ ያያል፣ ሲከፈልም ያልቃል። አደራ ወደ ፊት ነው የሚያየው። ከቲቸር ያገኘሁትን ለቲቸር መመለስ አይጠበቅብኝም፤ የተላከው አሁን ስምንተኛ ክፍል ላለ፣ ስሙን ለማላውቀው ልጅ ነው። ሒሳቤ ያልተዘጋው ለዚህ ነው።

አሁን ወደ ኃይሌ ልመለስ፤ አጎቴ ያነሳው እሱን ስለሆነ። የአትሌቱ ታሪክ የታወቀ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1996 በአትላንታ፣ በ2000 በሲድኒ የኦሎምፒክ ወርቅ፤ ከ1993 እስከ 1999 በ10,000 ሜትር አራት ተከታታይ የዓለም ሻምፒዮና፤ በ2008 በርሊን ላይ 2 ሰዓት ከ3 ደቂቃ ከ59 ሰከንድ። እ.ኤ.አ. በ2010 ኒውዮርክ ላይ ጉልበቱን አሞት አቋረጠና ሩጫ በቃኝ አለ፤ ብዙም ሳይቆይ ሐሳቡን ቀየረ። ጨርሶ ያቆመው በ2015 ነው። ያሯሯጠውን ነገር በአንድ ቀን መተው ለማንም አይቀልም።

በጎን ግን ሌላ ሥራ ከጀመረ ቆይቷል። ቦሌ መንገድ ላይ በባለቤቱ በዓለም ስም የሚጠራው ሕንፃ፣ እ.ኤ.አ. በ2001 የተጀመረው ታላቁ ሩጫ በኢትዮጵያ፣ በ2010 የተከፈተው የሐዋሳው ሪዞርት፣ የቡና እርሻ፣ የመኪና መገጣጠሚያ። ይህን ሁሉ ለጽድቅ ነው የሠራው አልልም። ነጋዴ ነው፤ ማትረፍ ይፈልጋል፤ ማትረፉም ነውር አይደለም። ዝናውም በር ከፍቶለታል፤ ስሙን ያልሰማ ባንክም ሆነ ሹም የለም። ሌላ ሰው በዚያው ገንዘብ ያንን ሁሉ መሥራት ይችል ነበር ወይ? እጠራጠራለሁ።

ሆኖም ለኔ ዋናው ቁም ነገር ትርፉ አይደለም። አንድ ሯጭ ያለው ሀብት ማንም የማይነካው ዓይነት ነው። ክብረ ወሰን ይሰበራል፤ የበርሊኑን ከሦስት ዓመት በኋላ ኬንያዊው ፓትሪክ ማካው ሰብሮታል። ያሸነፍከው ውድድር ግን አይሰበርም። የሲድኒዋን 0.09 ሰከንድ ማንም አይቀማውም። ኃይሌ ገንዘቡን ውጭ ባንክ አስቀምጦ፣ ሜዳሊያውን ግድግዳ ላይ ሰቅሎ፣ በክብር ማርጀት ይችል ነበር። እሱ ግን ማንም ሊነካው የማይችለውን ወስዶ ሁሉም ሊነካው ወደሚችል ነገር ለወጠው። ሆቴል መስታወት አለው፤ መስታወት ይሰበራል። ሠራተኛው ቢለግም፣ መንገዱ ቢዘጋ፣ ጎረቤት ቢቆጣ፣ ሁሉም የሚያርፈው እዚያ ላይ ነው።

አረፈም። ሰኔ 22 ቀን 2012 ዓ.ም. ማታ ድምፃዊ ሃጫሉ ሁንዴሳ አዲስ አበባ ውስጥ ተገደለ። በተከታዮቹ ቀናት በብዙ ከተሞች ሰው ሞተ፣ ቤት ተቃጠለ። የእኛም አካባቢ ከዚያ ሐዘን አላመለጠም። ከወደሙት ንብረቶች መካከል ሻሸመኔና ባቱ ላይ የነበሩት የኃይሌ ሆቴሎች ይገኙበታል። ከጠፋው ሕይወት ጋር ሲነጻጸር ሕንፃ ምንም አይደለም፤ ይሄ መታወቅ አለበት። ግን ያንን ፎቶ ሳይ ያሰብኩትን አልደብቅም። "ይኸው! መትከል እንዲህ ነው። እንኳንም ሁሉንም ቦርሳዬ ውስጥ ያዝኩ" ነበር ያልኩት።

ፎቶውን ያየሁት ግን ዘግይቼ ነው፤ ምክንያቱም በእነዚያ ቀናት ኢንተርኔት በመላ አገሪቱ ተቋርጦ ነበር። ሦስት ሳምንት ያህል። ያኔ ፍሪላንስ ጀማሪ ነበርኩ፤ የመጀመሪያ ትልቅ ሥራዬን ይዣለሁ፤ የማስረከቢያው ቀን ሐምሌ መጀመሪያ ላይ ነው። ላፕቶፑ አለ፣ ኮዱ አለ፣ ጣቴም አለ። መላኪያ የለም። ኢንተርኔቱ ሲመለስ ከደንበኛው ሦስት ኢሜይል አገኘሁ፤ መጀመሪያ ጥያቄ፣ ቀጥሎ ቁጣ፣ በመጨረሻ ስንብት። በቦርሳ ተሸክሜዋለሁ ያልኩት ሥራ ለካ ሌሎች በዘረጉት ገመድ ላይ ነው የቆመው። ሰው የቆፈረው ገንዳ ውስጥ ስዋኝ ኖሬ ውኃው ሲፈስ ነው ያየሁት። ምንም ስላልተከልኩ ምንም አልተነቀለብኝም ማለቴ ስህተት ነበር። ልዩነታችን አንድ ብቻ ነው፤ ኃይሌ አደጋውን አውቆ ገባበት፤ እኔ ደግሞ ሳላውቅ ውስጡ ነበርኩ።

ኃይሌ ከዚያ በኋላም መገንባቱን አላቆመም፤ አዳማና ወላይታ ሶዶ ላይ ስሙን የያዙ ሆቴሎች ቆመዋል። ይሄ ንግድ ነው፤ ግን ንግድ ብቻ አይመስለኝም። ምጽዋት ስትሰጥ ሰጥተህ ትሄዳለህ፤ ተቀባዩ ምን እንዳደረገው ላያሳስብህ ይችላል። ንግድ ስትከፍት ግን ነገም ትመጣለህ፤ የአካባቢው ሰው እንደሚመጣ፣ እንደሚሠራ፣ እንደሚከፍል አምነህ ነው። በዚህ በኩል ከምጽዋት ይልቅ ንግድ የበለጠ እምነት ይጠይቃል። ቲቸር 6 ብር ሲያስከፍለኝ የለማኝ ልጅ ሳይሆን ደንበኛ አድርጎ ነው ያየኝ።

እዚህ ላይ "ቆይ እንጂ" የሚል አንባቢ ይኖራል፤ እኔም ብዬዋለሁ። ሆቴል ውስጥ ያለ ገንዳ ለሆቴሉ እንግዳ ነው። የመግቢያ ዋጋ አለው። የሊስትሮው ልጅ በአጥሩ በኩል ያየዋል እንጂ አይገባም። ሙሳምባኒ ዕድል አገኘ፤ ስንቱ አላገኘም። እውነት ነው። ንግድ የሕዝብን ገንዳ አይተካም፤ ትምህርት ቤትና ማዘጋጃ ቤት መሥራት ያለባቸውን ኃይሌም ሆነ እኔ አንሠራውም። ቲቸር ግን መጥረጊያውን ሰጠኝ። ገንዳ የሚቆፍር ሰው ብር ለሌለው ልጅ የምትሆን አንዲት በር መተው ይችላል፤ መተውም አለበት። ያችን በር የማይተው ንግድ አደራውን በግማሽ መንገድ ላይ ጥሎታል።

ሌላው ሙግት ደግሞ ይከብዳል። "ለአገርህ ምን አደረግክ?" የሚለው ጥያቄ ስንቱን ሰው በልቶታል። አንድ ልጅ ውጭ ሮጦ ጥቂት ሺህ ዶላር ሲያገኝ ዘመድ፣ ጎረቤት፣ ኮሚቴ ይሰለፋል። ላቡ ሳይደርቅ ገንዘቡ ያልቃል። እግሩ የማን ነው? የሱ ነው፤ ሌላ መልስ የለውም። አደራ የሚለው ቃልም ለብዝበዛ ይመቻል። ለዚህ ነው ተቀባዩን መለየት የሚያስፈልገው። አደራው የተላከው ለአጎቴ አይደለም። አጎቴ ጠያቂ እንጂ ባለቤት አይደለም። ጥቅሉን መንገድ ላይ ፍታውና አካፍለኝ የሚል ሰው፣ ሥጋ ዘመድም ይሁን ባለሥልጣን፣ እሱ አደራ በላ ነው።

የመጨረሻው ጥያቄ የራሴ ነው፤ "ቢቃጠልስ?"

አያቴ ከቤታችን ጀርባ ባለው ቁልቁለት ላይ ቡና ነበር የተከለው። ቡና ትዕግሥት ይፈልጋል፤ ተክለህ ሦስት አራት ዓመት ትጠብቃለህ፤ ከዚያም በዓመት አንዴ ነው የሚለቀመው። አጎቴ ቡናውን ነቅሎ ጫት ተከለበት። ጫት በዓመት ደጋግሞ ይቆረጣል፣ ገንዘቡም ወዲያው ነው። እንደሱ ያደረገ ሐረርጌ ውስጥ ብዙ ነው። ልፈርድበት አልችልም፤ የዩኒቨርሲቲ ኪሴን የደጎመው፣ የመጀመሪያውን ላፕቶፕ የገዛልኝ ያ ጫት ነው። ግን አጎቴ ራሱ ጠርዝ ላይ ያሉትን አምስት ስድስት የቡና እግሮች አልነቀላቸውም። ለምን እንደሆነ ስጠይቀው "አባቴ ነዋ የተከላቸው" አለኝ። አያቴ ሲተክላቸው ድርቅ እንደሚመጣ፣ ዋጋ እንደሚወድቅ፣ ልጁ ሊነቅላቸው እንደሚችል ያውቅ ነበር። የሚተክል ሰው ሁሉ ይህን ያውቃል። እንደማይነቀል እርግጠኛ ሆኖ የተከለ የለም።

ስለዚህ ለአጎቴ የምሰጠው መልስ እንዲህ ነው። ዕዳ የለብኝም። ገለምሶ ላይ ባልተክልም ሌባ አልባልም። ግን በእጄ ያለው ነገር ለኔ ብቻ የተላከ አይደለም፤ ይዤው ብቀር ማንም አይከሰኝም፣ እኔ ግን አውቀዋለሁ። ኃይሌን የማከብረው በሲድኒው ሰዓት ብቻ አይደለም። ሊያጣው የማይችለውን ነገር ሊያጣው ወደሚችል ነገር ለመለወጥ ስለደፈረ ነው። ሮቤልን ደግሞ ይቅርታ ልጠይቀው እወዳለሁ። ገንዳ በሌለበት አገር ዋናተኛ ነኝ ብሎ ዓለም ፊት መቆም እኔ የማልደፍረው ነገር ነው።

የቲቸር ቤት አሁን የሞባይል መሸጫ ነው። ቲቸር ኪራይ ሲጨምሩበት ዘግቶ ሄደ። ከአረፋው ማግስት በዚያ ሳልፍ ጎኑ ያለው ክፍል ባዶ ነበር፤ ባለቤቷን ጠየቅኋት። የነገረችኝ ኪራይ ከጠበቅሁት በላይ ነው። መብራቱም እንደ ድሮው ይጠፋል። ስልኳን መዝግቤያለሁ፤ እስካሁን ሁለት ጊዜ ደውዬላታለሁ። በመጨረሻው "ልጄ፣ ትወስደዋለህ ወይስ ለሌላ ላከራየው?" አለችኝ። እስከ ወሩ መጨረሻ ቀን ስጪኝ አልኳት። አሥራ አንድ ቀን ቀርቶኛል። ማታ ማታ ሥራ ስጨርስ ላፕቶፑን ሳልዘጋ ሒሳብ እሠራለሁ፤ ስንት ኮምፒውተር፣ ስንት ባትሪ፣ በሰዓት ስንት ብር፣ ብር ለሌለው ልጅ ደግሞ ምን ዓይነት ሥራ።